ከመስታወቱ ክፍል ደጃፍ የጠፋው ጫማ

ሐሙስ አመሻሽ ላይ ኢንስፔክተር ቀመሪያ ጂብሪል አዳማ ከሚገኘው ቢሮዋ ልትወጣ ቦርሳዋን ስታነሳ ስልኩ ጮኸ።

«ኢንስፔክተር፣ ላይ ሰው ሞቷል» አለ የጣቢያው ተረኛ።

«የት ላይ?»

«ላይ ነዋ! ላይኛው ግቢ!»

የአዳማ ሰው ላይኛው ግቢ የሚለው የጠፈር ዩኒቨርሲቲውን ነው። ከቡልቡላ ሜዳ ተነስቶ ሰማይ በሚገባ ገመድ ጫፍ ላይ ተንጠልጥሎ፣ እንደ እንዝርት እየሾረ፣ ገና ያልመጣ ዘመን ሳይንስ ያስተምራል። ገመዱን ያዩ ሰዎች ከፀጉር ይቀጥናል ይላሉ፤ ያላዩት ደግሞ የሰው ወገብ ያህላል ብለው ይምላሉ። የአዳማ ንፋስ በበረታ ቀን ገመዱ እንደ ክራር ይጮኽና ቢሾፍቱ ያሉ የጋሪ ፈረሶች ጆሯቸውን ያቆማሉ። እዚያ ላይ የነገን ዝናብ ዛሬ የሚቀምሱ፣ የጥላን ክብደት የሚመዝኑ፣ የሰውን ድምፅ እንደ ችግኝ የሚያራቡ ምሁራን አሉ። ክረምት ሲገባ ግን ተማሪው ሁሉ ወደየቤቱ ይወርድና ግቢው ባዶውን ይሾራል። በዚያ ክረምት እላይ የቀሩት አምስት ሰዎች ነበሩ። ከሐሙስ ጀምሮ አራት ሆኑ።

«ማነው የሞተው?» አለች ቀመሪያ።

«ዶክተር ይትባረክ። ግቢው ሳያጋድል እንዲሾር የሚዛኑን ሒሳብ የሚሠራው ሰው። አየር የሌለበት ክፍል ውስጥ ተገኘ። ላይ ያሉት አደጋ ነው ይላሉ። የአየር ጠባቂው ሽማግሌ ግን ‹የገደልኩት እኔ ነኝ፣ እሰሩኝ› ብለው ቁጭ ብለዋል።»

«ቤተሰብ አለው?»

«ወንጂ እናት አሉት፣ ወይዘሮ አየለች የሚባሉ። በየቅዳሜው በስልክ ያወራሉ አሉ።»

«ነገራችኋቸው?»

«መርዶ በስልክ ይነገራል እንዴ ኢንስፔክተር!»

ቀመሪያ አምሳ ሁለት ዓመቷ ነው። ባሏን ቀብራለች፤ ልጆቿን ድራለች። ጠዋት ከቤት ስትወጣ ሬዲዮኑን ሳታጠፋው ትሄዳለች፤ ስትመለስ በር ስትከፍት የሰው ድምፅ እንዲቀበላት ነው። ይህን ለማንም ተናግራ አታውቅም።

አርብ ጎህ ሲቀድ ሁለት ሽማግሌዎች አስከትላ በባጃጅ ወንጂ ገባች። የሸንኮራው ቅጠል ጤዛ ይዞ ያብለጨልጫል። ከተነገራቸው ቤት ደጃፍ ሲደርሱ ሽማግሌዎቹ ነጠላቸውን እንደ ለቅሶ ደራሽ አጣፉ፣ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። በሩን የከፈተችው ግን ጉዲቱ የምትባል ጎረቤት ነበረች።

«ወይዘሮ አየለችን ፈልገን ነበር፣ እመቤቴ።»

ጉዲቱ አንዴ ሽማግሌዎቹን፣ አንዴ የፖሊስ ልብሱን አየች። «አየለችን? አየለች እኮ ከሞተች ሁለት ዓመት ሊሞላት ነው።»

ሽማግሌዎቹ ያን ሁሉ መንገድ ይዘውት የመጡት መርዶ ተቀባይ አጣ።

«ልጃቸው አልተነገረውም?» አለች ቀመሪያ።

«የእድራችን ዳኛ ገመዱን በሚወጣው ሊፍት ደብዳቤ ልከው ነበር። ‹ብቻውን ሆኖ እንዳይሰማ፣ ወዳጆቹ ከበውት ንገሩልን› ብለው። መልስ መጣ፤ ይኸውና።» ጉዲቱ ከሳጥን ውስጥ አንዲት ወረቀት አወጣች። «ደርሶናል። ጊዜውን ጠብቀን እንነግረዋለን» ይላል። ስም የለውም፤ የግቢው ማኅተም ብቻ አርፎበታል። «እሱ ግን አልመጣም። እኛም ለእናቱ ቀብር ያልወረደ ልጅ ብለን ተቀየምነው። ምን ሆነ?»

ቀመሪያ ቀስ አድርጋ ነገረቻት። ጉዲቱ ለሙት ልጅም ለሙት እናትም በአንድ ለቅሶ አለቀሰች።

*

ቡልቡላ ሜዳ ላይ ሊፍቱ አፉን ከፍቶ ቆሟል። ወያላው ኑሬ ደረቱን ነፍቶ ይጣራል። «ላይ! ላይ! ላይ! አንድ ሰው የቀረው!»

ሜዳው ላይ ከሦስት ፍየሎችና ከቀመሪያ በቀር ማንም የለም።

«ማንን ነው የምትጠራው ወንድሜ?»

«ልማድ ነው፣ እናቴ። ዝም ካልኩ መንገዱ ይረዝምብኛል።»

መንገዱ እውነትም ረጅም ነው፤ አንድ ቀንና አንድ ሌሊት ይፈጃል። ከደመናው በላይ ሲደርሱ ኑሬ ሳይጠየቅ ማውራት ጀመረ።

«ዶክተር ይትባረክ እኮ አራት ዓመት ሙሉ አንድ ቀን ወርዶ አያውቅም። ለዛሬ ግን ቦታ ይዞ ነበር። መሄጃ ብቻ፤ መመለሻ የለውም። ‹ምነው ዶክተር፣ ጠፈሩ ሰለቸህ?› ስለው ‹የምጠይቃት ሰው አለች› አለኝ።»

ቀመሪያ ፊቷን ወደ መስኮቱ፣ ወደ ጥቁሩ ሰማይ አዞረች።

*

ቅዳሜ ረፋድ ላይ ደረሱ። ጋሽ ጫምሳ መቀበያው በር ላይ ወለሉ ላይ ተቀምጠዋል። ስድሳ አምስት ዓመት የሞላቸው ትልቅ እጅ ያላቸው ሰው ናቸው። ሁለቱን እጆቻቸውን ካቴና እንደሚጠብቅ ሰው ጎን ለጎን ጉልበታቸው ላይ አኑረዋል።

«አካም ጂርቱ፣ ጋሽ ጫምሳ?»

«አለሁ፣ የኔ ልጅ። መኖር ካሉት። እነዚህን እጆች እሰሪያቸው።»

«እጆቹ አይሸሹም። መጀመሪያ ይንገሩኝ።»

«ወንጂ ፋብሪካ ሠላሳ ዓመት የእንፋሎት ቧንቧ ጠባቂ ነበርኩ። ቦይለር ውስጥ ገብቶ የሚፍቅ ሰው ጫማውን ከቦይለሩ አፍ ላይ አውልቆ ይተዋል። ጫማ ካለ እሳት አይለኮስም። በሠላሳ ዓመት አንድ ሰው አልተቃጠለብኝም። እዚህ ስመጣ ምሁሮቹ ሰው ክፍል ውስጥ መኖሩን የሚያውቅ ማሽን አሥራ አራት ዓይነት ሠርተው ነበር፤ አሥራ አራቱም ተበላሹ። የኔ ጫማ ግን አይበላሽም። አየር ለመቆጠብ በየክፍሉ እዞራለሁ፤ ደጃፉ ላይ ጫማ ካለ አየሩን እተዋለሁ፣ ከሌለ እዘጋለሁ።»

«ሐሙስስ?»

«ይትባረክ ሁልጊዜ ከምሳ በኋላ መስታወቱ ክፍል ይገባል፤ ወለሉ መስታወት ስለሆነ ወንጂን ቁልቁል ያያል። ዘጠኝ ሰዓት ላይ ስዞር ደጃፉ ላይ ጫማ የለም። ቶሎ ወጣ አልኩና ዘጋሁ። በሩ አየር ሲያጣ ራሱን ይቆልፋል። አሥራ አንድ ሰዓት ላይ መልሼ ከፈትኩ። ሻዬን ቀድቼ ስጨርስ ዶክተር ታጠቅ ሲጮህ ሰማሁ።»

«ማንኳኳት አልሰሙም?»

«አየሩን የምዘጋበት መዝጊያ ያለው በግቢው ሌላ ጫፍ ነው።» ሽማግሌው እጆቻቸውን አዩ። «ከዚያ ክፍል ሲወጣ ሻይ ይወዳል። እሱ በሩን ሲደበድብ እኔ ሻይ እያፈላሁለት ነበር፣ የኔ ልጅ።»

«ጫማው የት ተገኘ?»

«እግሩ ላይ። አስሮት። ለምን ሳያወልቅ ገባ? አንድ ቀን እንኳ ረስቶ አያውቅም እኮ!»

*

ወደ መስታወቱ ክፍል የሚወስደው መንገድ አንድ ብቻ ነው፤ የዶክተር ፋኢዛን አትክልት አቋርጦ ያልፋል። ፋኢዛ ከአቦምሳ በሊፍት ያስመጣችው ቀይ አፈር መተላለፊያው ላይ ተበትኗል። ቀመሪያ ደጃፉ ላይ ጫማዋን ስታወልቅ ሶሉ ቀልቷል።

ክፍሉ ውስጥ ስትገባ ከእግሯ በታች ስምጥ ሸለቆው ተዘርግቷል። ዝዋይ፣ አቢጃታ፣ ላንጋኖ ሰው ውኃ ተሸክሞ ሲሮጥ የደፋቸው ይመስላሉ። ወንጂ ከጥፍር የማትበልጥ አረንጓዴ ነጥብ ናት። ከዚህ ሆኖ ሰው ቤቱን ያየዋል፤ ቤቱ ግን አያየውም።

ተንበረከከች። መስታወቱ ላይ የካልሲ ዱካ ሞልቷል፤ ሬሳውን ሊያወጡ የገቡት ሁሉ በዚያ ቀን እንኳ ከልማድ ጫማቸውን አውልቀው ነበር። ከመካከላቸው ግን አንዱ ለየት ያለ ነው፤ የግራ እግሩ ጫፍ ሦስት ጣት ብቻ አለው። ይህ ዱካ እስከ መሐል ሄዶ ብዙ ቆሟል፤ ከዚያ ወደ በሩ ሮጧል። በሩ ሥር ተደራርቦ ተደራርቦ ቁጥር የለውም። የቀይ አፈር ፍርፋሪ ያለው ደግሞ አንድ ቦታ ብቻ፣ የሬሳው እግር ተዘርግቶበት ነበር የተባለው ሥፍራ ላይ ነው።

ሬሳው ወዳለበት ቀዝቃዛ ክፍል ሄደች። ግራ እግሩን ከጫማው አወጣች፤ ሁለት ጣት የለውም። እጇን ጫማው ውስጥ ከተተች። ጫፉ ባዶ ነው።

«ልጅ ሆኖ ሸንኮራ ሲቆርጥ በቆንጨራ ያጣቸው ናቸው» አሉ ጋሽ ጫምሳ ከበሩ ላይ፤ መግባት አልደፈሩም። «ጫፉ ላይ ጨርቅ ይጠቀጥቅ ነበር። እናቱ ከነጠላዋ ላይ ቀዳ የሰጠችው፣ አረንጓዴ ጥለት ያለበት። ያለ እሱ ያነክሳል።»

«ጨርቁ የለም፣ ጋሽ ጫምሳ።»

*

ፋኢዛ ቲማቲሞቿ መሐል ቆማ ውኃ ታጠጣለች። ዓይኖቿ አብጠዋል፤ አንደበቷ ግን አልለዘበም።

«ከሟቹ ጋር ትጣሉ ነበር አሉ» አለች ቀመሪያ።

«በየሳምንቱ! ‹ፋኢዛ፣ አፈርሽ ከብዶ ግቢው ያጋድላል፣ ሁለት ኩንታል ጣዪ› ይለኛል። ‹አንተ ውረድና ይቅለል!› እለው ነበር። ሐሙስ ጠዋት መጥቶ ‹እሺ፣ ልወርድልሽ ነው› አለኝ። የቀለደ መስሎኝ ሳቅኩበት።» ውኃው አንድ ቦታ ላይ ፈሰሰ፤ አላስተዋለችም። «አሁን ከማን ጋር ልጣላ?»

«ከምሳ በኋላ በዚህ ያለፈ ማን ነው?»

«ይትባረክ። ቆየት ብሎ ታጠቅ ሄዶ ወዲያው ተመለሰ፤ ካፖርቱን ደርቦ። ሚልካም ዘምቢል ይዛ መጥታ ነበር፣ ‹ቲማቲም ልልቀም› ብላ። እኔ ከወዲያኛው ጓሮ ነበርኩ፤ የያዙትን አልፈተሽኩም። እዚህ ጎረቤት ይፈተሻል እንዴ?»

ሚልካ መዝጋቢዋ ናት፤ የአዳማ ልጅ፣ ጠረጴዛዋ ላይ መጽሐፍ ቅዱስና የግቢው ማኅተም ጎን ለጎን ይቀመጣሉ።

«ማኅተሙ ሁልጊዜ እንዲህ ሜዳ ላይ ነው?»

«ማን ይሰርቀዋል ብዬ ነው ኢንስፔክተር? የፈለገ መጥቶ ይመታል።»

«ከታች የምትመጣ ደብዳቤስ? ከወንጂ እድር የመጣች አላየሽም?»

«እኔ ከመጣሁ ገና ዓመቴ ነው። ከኔ በፊት መዝጋቢ አልነበረም፤ ደብዳቤ የሚቀበለው ሊፍቱ ሲደርስ በር ላይ የተገኘ ሰው ነበር።»

«ሐሙስ ዘምቢልሽ ውስጥ ምን ነበር?»

ሚልካ አቀረቀረች። «ቲማቲም። ለይትባረክ ስንቅ። ለአርብ ቦታ የያዝኩለት እኔ ነኝ። የማይወርደው ሰው ሲወርድ ባዶ እጁን አይሄድም ብዬ።» መጽሐፍ ቅዱሱን ወደ ራሷ ሳበችና ቀጠለች። «ረቡዕ እዚህ መጣ። ‹ሚልካ፣ እናትሽ ስትደውል መቼ ትመጫለሽ ትልሻለች?› አለኝ። ‹ኧረ ጆሮዬ እስኪደነቁር! ሰላምታውን ሳትጨርስ ነው የምትጀምረኝ› አልኩት። እሱ ግን ‹የኔ ሁለት ዓመት ሙሉ አንድ ቀን ጠይቃኝ አታውቅም› አለ። ተቀይመውት መስሎኝ ‹ልጸልይልህ› አልኩት።»

ቀመሪያ ማስታወሻዋ ላይ ምንም አልጻፈችም። እንዲህ ያለ ነገር አይረሳም።

*

ዶክተር ታጠቅ የድምፅ ክፍሉ ኃላፊ ነው። ቀጠን ያለ፣ ፈገግታው የማይነጥፍ፣ እንግዳ ሲያይ የሚደሰት ሰው። ክፍሉ ከጣሪያ እስከ ወለል በግራጫ ስፖንጅና በጨርቃ ጨርቅ ተጠቅጥቋል፤ ውስጡ ሲናገሩ ቃል እንደ ጥጥ ይወድቃል።

«እስቲ አንድ ነገር ይበሉ፣ ኢንስፔክተር።»

«ምን ልበል?»

ታጠቅ አንድ ቁልፍ ነካ። «ምን ልበል?» አለ ግድግዳው በቀመሪያ ድምፅ፤ ቀጥሎ እየሳቀ፣ ቀጥሎ እያለቀሰ፣ ቀጥሎ እንደ አሥራ ስድስት ዓመት ልጃገረድ ሆኖ። ቀመሪያ የአሥራ ስድስት ዓመት ድምፅዋን ከሠላሳ ስድስት ዓመት በኋላ ሰማች። አልወደደችውም።

«ሬሳውን መጀመሪያ ያዩት እርስዎ ነዎት።»

«በአጋጣሚ። አሥራ አንድ ሰዓት ላይ ፀሐይ ስትጠልቅ ለማየት ብዬ ገባሁ። በሽማግሌው አልፈርድባቸውም፤ ጫማ አላዩም፣ ዘጉ። ጥፋቱ የይትባረክ የራሱ ነው፣ ነፍሱን ይማረውና። ሐሳብ ገብቶት ነበር።»

«ከምሳ በኋላስ ወደዚያ ሄደው ነበር?»

«እስከ አትክልቱ። ብርቱካን አሰኝቶኝ። አልበሰለም፤ ተመለስኩ።»

የቀመሪያ እስክሪብቶ ወደቀ። ጎንበስ ብላ ከጥግ አነሳችው። ቀና ስትል መዳፏ አንድ እስክሪብቶ ከሚፈልገው በላይ ተጨብጦ ነበር።

«እናቱን የሚነግራቸው ሰው አላገኘሁም» አለች። «ዛሬ አሥር ሰዓት ላይ ይደውላሉ አይደል? ሳይደውሉ ቢቀሩ ምነው እላለሁ። ግን የማያውቁ እናት ለምን ይቀራሉ?»

ታጠቅ ጥቂት አሰበ። «ይደውሉ። አናነሳውም። መርዶ በስልክ አይነገርም።»

«ሁላችንም እንደዚያ ነው የምናስበው» አለች ቀመሪያ።

*

አሥር ሰዓት ሊሞላ ሲል አራቱም ስልኩ ያለበት ክፍል ተሰበሰቡ። አምስት ወንበር ነበረ፤ አንዱ ላይ ማንም አልተቀመጠም። ቀመሪያም ቆማ ቀረች።

ልክ አሥር ሲሆን ስልኩ ጮኸ።

ሚልካ አፏን ያዘች። ቀመሪያ ድምፅ ማጉያውን ተጫነች። ክፍሉን የአሮጊት ድምፅ ሞላው፤ ሻካራ፣ ሙቅ፣ ከትንፋሽ ማጠሩ ጋር።

«ይትባረክ፣ ልጄ፣ ደህና ነህ? በላህ? ብርዱ እንዴት ነው?»

ጋሽ ጫምሳ ከወንበራቸው ብድግ አሉ። «አየለች! የኔ እህት፣ ምን ብዬ...»

«ይቀመጡ፣ ጋሽ ጫምሳ» አለች ቀመሪያ። «ወይዘሮ አየለች ከሞቱ ሁለት ዓመት ሊሞላቸው ነው። ትናንት ጎህ ሲቀድ መርዶ ይዤ ደጃቸው ላይ ቆሜ ነበር። የሚቀበለኝ አጣሁ።»

ከማጉያው «ልጄ፣ ዝም አልክ?» አለ ድምፁ።

ፋኢዛ ቀስ ብላ ፊቷን ወደ ታጠቅ አዞረች።

«እንግዲህ ከጫማው ልጀምር» አለች ቀመሪያ። «ሁላችሁም ጫማውን እግሩ ላይ አይታችሁ ‹ሳያወልቅ ገባ› አላችሁ። በአትክልቱ አልፎ የመጣ ጫማ ግን ቀይ አፈር ይዟል፤ የይትባረክም ሶል ሞልቶታል። መስታወቱ ላይ ከበር እስከ መሐል አንድ ፍሬ አፈር የለም። ያለው የሦስት ጣት የካልሲ ዱካ ነው። ስለዚህ አውልቆ ነው የገባው፤ ጫማው ደጃፉ ላይ ነበር። አፈሩ የተራገፈው ሬሳው በተጋደመበት ቦታ ብቻ ነው። ጫማውን ያደረገው ከሞተ በኋላ ነው፤ ያደረገለትም ሌላ ሰው ነው።»

«ለምን?» አለች ሚልካ በሹክሹክታ። «አንስቶ ከወሰደው ለምን መለሰው?»

«ቢጠፋ ጫማውን እንፈልጋለን። ደጃፉ ላይ ቢመልሰው ጋሽ ጫምሳ ‹እዚህ አልነበረም› ብለው ይምላሉ፤ እኛም ማን አነሳው እንላለን። እግሩ ላይ ከሆነ ግን ነገሩ ያልቃል፤ ሟች ረሳ፣ ሽማግሌ ዘጋ። ማንም ማንንም አይጠይቅም። አሁን፣ በዚህ ግቢ ሰውን ለመግደል ቢላዋ አያስፈልግም። ጋሽ ጫምሳ በዘጠኝ ሰዓት እንደሚዞሩ ማወቅና ጫማ ማንሳት ይበቃል። ከምሳ በኋላ ወደዚያ ያለፉት ሁለት ናቸው፤ ዘምቢል የያዘችው ሚልካና ካፖርት የደረበው ዶክተር ታጠቅ። ጫማውን መልሶ ለማጥለቅ ግን አየሩ ሲከፈት መጀመሪያ መግባት ያስፈልጋል። ከአሥራ አንድ ሰዓት ጀምሮ ጋሽ ጫምሳ ሻይ ቀድተው እስኪጨርሱ ድረስ ክፍሉ ውስጥ የነበረው አንድ ሰው ነው።»

ታጠቅ ፈገግ አለ። «ሬሳ ቀድሞ ማየት ወንጀል ሆነ?»

«አልሆነም። ይሄ ግን ይሆናል።» ቀመሪያ መዳፏን ዘረጋች። አረንጓዴ ጥለት ያለው ቁራጭ ነጠላ ነው፤ በጫማ ጫፍ ቅርጽ ድርቅ ብሏል። «ጫማውን ሁለት ሰዓት ሙሉ ክፍልህ ውስጥ ደበቅከው። ከግራው ጫፍ ይሄ ወደቀ። ግድግዳህ ሁሉ ጨርቅ ስለሆነ ከጨርቆችህ አንዱ መስሎህ አለፍከው። ሁለት ጣት እንደሌለው አላወቅህም። የእናቱን ትንፋሽ ማጠር ሳይቀር ስታጠና የልጁን እግር አላየህም።»

ጋሽ ጫምሳ ጨርቁን ተቀብለው በሁለት እጃቸው ያዙት።

«ምክንያቱስ?» አለች ፋኢዛ። «ምን አደረገው?»

«መልሱን ራሱ ይንገረን። ወይዘሮ አየለች ከሞቱ ይህን ድምፅ የሚያራባ ክፍል አንድ ነው። ዛሬ ባይደውል ኖሮ እኔ እጠረጥራለሁ ብለህ ፈራህ፤ ስለዚህ እንዲደውል ተውከው። ሙት ደወለች።»

የታጠቅ ፈገግታ ቀስ እያለ ወረደ። ከሥሩ የነበረው ፊት የደከመ ሰው ፊት ነው።

«በደግነት ነው የጀመርኩት» አለ። «ደብዳቤው ሲመጣ በር ላይ የተገኘሁት እኔ ነበርኩ። ‹ወዳጆቹ ከበውት ንገሩት› ይላል። ማን ሊከበው? ክረምት ነበር፤ እኔና እሱ ብቻ ነበርን፤ ጋሽ ጫምሳ ታመው ተኝተዋል። ለአንድ ሳምንት ብዬ ነው፤ ተማሪው እስኪመለስ። ደወልኩለት። እንዴት እንደሳቀ ብታዩት! ሁለተኛውን ሳምንት እንዴት እምቢ ልበል?»

«ሁለት ዓመት ሙሉ?»

«አላወቀም እኮ!» ታጠቅ ዓይኑ በራ። «የገዛ ልጇ አላወቀም! የትኛው ሊቅ ነው እንዲህ ያለ ማስረጃ ያለው? መስከረም ላይ ለጉባኤው ላቀርበው ነበር። ሐሙስ ጠዋት መጥቶ ‹እናቴ አይደለችም፣ ወርጄ ለሰው ሁሉ እናገራለሁ› አለኝ። ሥራዬን ማታለል አለው። ሥራዬን!»

«ለምንድን ነው ‹መቼ ትመጣለህ› ያላስባልካት?»

ታጠቅ እንደ ቀላል ሒሳብ መለሰ። «ከወረደ ያውቃላ። ስለ መምጣት የሚያነሳ ቃል ሁሉ አወጣሁባት።»

«እሱን ነው ያወቀብህ» አለች ቀመሪያ። «ድምፅዋን ሳይሆን ያላለችውን።»

ከዚያ ወደ ሽማግሌው ዞረች። እጆቻቸው አሁንም ካቴና ይጠብቃሉ። «ጋሽ ጫምሳ፣ እርስዎ የዘጉት ባዶ ክፍል ነው። ሰው ያለበትን ክፍል የዘጋው ጫማውን ያነሳው ሰው ነው።»

ማጉያው «ልጄ፣ ዝም አልክ? በላህ?» አለ።

«ላጥፋው?» አለ ታጠቅ።

«ቆይ አንተ!» አሉ ጋሽ ጫምሳ። በዕድሜያቸው ሁሉ ሰው ላይ ጮኸው የማያውቁ ሰው ናቸው። ወደ ስልኩ ጎንበስ አሉ። «አየለች። ልጅሽ ሊመጣ ነው። ከነገ ወዲያ ይገባል። እኔ ይዤልሽ እመጣለሁ።»

ማሽኑ ዝም አለ። ለዚህ የሚሆን አንድም ቃል አልተሰጠውም። ብዙ ከቆየ በኋላ፣ ከተወበት ጀምሮ፣ «ብርዱ እንዴት ነው?» አለ።

ቀመሪያ አዳማ ባዶ ቤቷ ውስጥ ማንም ሳይሰማው የሚያወራውን ሬዲዮ አሰበችና ማጉያውን በራሷ እጅ አጠፋችው።

*

እሁድ ማለዳ ሊፍቱ ቁልቁል ጉዞ ጀመረ። ሬሳው ሳጥኑ ውስጥ ነው፤ ጨርቁ ወደ ግራ ጫማው ጫፍ ተመልሷል። ታጠቅ እጁ በካቴና ታስሮ ጥግ ላይ ተቀምጧል፤ ማንም ያናገረው የለም፣ እሱም ለማውራት ድምፅ ያጣ ይመስላል። ፋኢዛና ሚልካ ግቢውን ለመጠበቅ ቀሩ። ጋሽ ጫምሳ ከመውረዳቸው በፊት መዝጊያውን ለፋኢዛ አስረክበው፣ ለብቻቸው በአትክልቱ በኩል አልፈው ተመልሰው ነበር። ምን እንዳደረጉ ማንም አልጠየቃቸውም።

ሰኞ ጠዋት ቡልቡላ ሲደርሱ ሜዳው በሰው ተሞልቷል። የወንጂ እድር በሁለት መኪና መጥቷል፤ ጉዲቱ ከፊት ናት። ኑሬ እንደ ልማዱ አፉን ከፈተና ለቀስተኛውን አይቶ ዘጋው። ጋሽ ጫምሳ ሳጥኑን ለማውረድ ትከሻቸውን ሲያስገቡ ባዶ እግራቸውን ናቸው፤ ያን ሁሉ ሰማይ በባዶ እግራቸው ነው የወረዱት።

«አባባ» አለ ኑሬ፣ «ጫማዎን ላይ ረሱት እንዴ?»

«አልረሳሁም» አሉ ጋሽ ጫምሳ። «መስታወቱ ክፍል ደጃፍ ላይ ነው። አየሩን ማንም እንዳይዘጋው። ውስጥ ሰው አለ።»